በዓይን የተማርኳቸው ቃላት

ስብሰባ ላይ ነበርን። በእንግሊዝኛ ነው የምናወራው። ስለ አንድ የሥራ ዕቅድ አስተያየት ስሰጥ «ይሄ የጥሩ ዕቅድ ኤፒቶም ነው» አልኩ። ማንም አልሳቀም፤ ማንም አላረመኝም። ከኔ ቀጥላ የተናገረችው ባልደረባዬ ግን ሐሳቤን ደገፍ አድርጋ ያችኑ ቃል መልሳ ጠራቻት፦ «ኢፒተሚ»። ረጋ ብላ፣ ዓይኗን ከወረቀቷ ሳታነሳ። ያኔ ነው ጆሮዬ የጋለው።

የሚገርመው «ኢፒተሚ»ን አውቀው ነበር። ብዙ ጊዜ ሰምቼዋለሁ፤ ትርጉሙም ይገባኛል። የአንድ ነገር ዓይነተኛ መገለጫ፣ «እሱ ማለት ይሄ ነው» የሚባልለት ምሳሌ ማለት ነው። «ኤፒቶም»ንም ከመጻሕፍት አውቀው ነበር። ትርጉሙ ከዚያኛው ጋር ይቀራረባል ብዬ አስብ ነበር። አንድ ቃል መሆናቸው ግን ለዓመታት አልታየኝም። አንዱ በጆሮዬ፣ ሌላው በዓይኔ ገብተው ሳይተዋወቁ ጎን ለጎን ኖሩ።

ማታ ቤቴ ገብቼ ሌሎች እንዲህ ያሉ ቃላት ይኖሩኝ ይሆን ብዬ ማሰብ ጀመርኩ። ነበሩኝ። ለምሳሌ «ማይዝል» የሚባል ግሥ አለ ብዬ አምን ነበር። ሰውን በተንኮል ማጭበርበር ይመስለኝ ነበር፤ ያለፈ ጊዜው «ማይዝልድ»። እንዲህ ያለ ግሥ የለም። አነብ የነበረው «ሚስሌድ»ን ነው፤ ተሳሳተ፣ በሰው ተታለለ ማለት። «ሚስ» እና «ሌድ» የተባሉትን ሁለት ቁራጮች ዓይኔ በስህተት ቦታ ቆርጧቸው፣ ከዚያ የራሱን ግሥ ወልዶ፣ ትርጉምም ሰጥቶት ተቀምጧል። በኋላ እንደተረዳሁት በዚህች ቃል አፋቸውን በእንግሊዝኛ የፈቱ ሰዎችም ይሸወዳሉ። ትንሽ ተጽናናሁ።

በማግስቱ ደብተር ገዛሁ። ይህን የምጽፈው ደብተሩ ከሞላ በኋላ ነው። ምናልባት እንደኔ ከመጻሕፍት ብዙ ብርቅ ቃል ለቅሞ አንዱንም አፍ አውጥቶ ለመጥራት የሚፈራ ሰው ካለ፣ መንገዱን ትንሽ ያሳጥርለት ይሆናል።

መጀመሪያ ችግሩ ከየት እንደሚመጣ ልናገር። እኛ በፊደላችን ተሞላቅቀናል። «በ» የትም ብትሄድ «በ» ናት። ከሞላ ጎደል ያየነውን እንጠራለን፣ የሰማነውን እንጽፋለን። እንግሊዝኛ ግን 26 ፊደል ይዞ ወደ 44 የሚጠጋ ድምፅ ያስተናግዳል። አናባቢ ብለን የተማርናቸው ፊደሎች አምስት ናቸው፤ በብሪታንያው መደበኛ አነባበብ የሚሰሙት የአናባቢ ድምፆች ግን 20 ገደማ ይደርሳሉ። ስለዚህ አንድ ፊደል ሦስት አራት ሥራ ደርቦ ይሠራል። አንዳንዱ ፊደል ደግሞ ደሞዝ እየበላ ሥራ የማይገባ ሠራተኛ ነው፤ ቃሉ ውስጥ ተቀምጧል፣ ድምፅ የለውም።

ይህ የማይሰማ ፊደል ነገር ሁልጊዜ ያናድደኝ ነበር፤ ታሪኩን እስካውቅ ድረስ። «ዴት» የሚለውን እንውሰድ፤ ዕዳ ማለት ነው። ሲጻፍ መሐሉ ላይ «ቢ» አለበት። ድሮ አልነበረበትም። ከፈረንሳይኛ ሲመጣ ያለ «ቢ» ነበር የሚጻፈው። በኋላ ላቲን የሚወዱ ሊቃውንት «የዚህ ቃል አያት በላቲን ዴቢቱም አይደል?» ብለው «ቢ»ን ሰነቀሩበት። ሕዝቡ አነባበቡን አልቀየረም። «ዳውት»፣ ማለትም ጥርጣሬ፣ ላይም ያው ነው የደረሰው። ስንቅ፣ የሚበላ ነገር ማለት የሆነው ቃል ፊደል በፊደል ቢነበብ «ቪክቱዋልስ» ይሆናል፤ የሚጠራው ግን «ቪትልዝ» ተብሎ ነው። እዚያም «ሲ»ን ያስገቡት እነዚያው ሰዎች ናቸው። «ኢንዳይት»፣ በወንጀል መክሰስ፣ እንዲሁ። «አይላንድ» የሚለው ደግሞ ይብሳል። በጥንቱ እንግሊዝኛ «ኤስ» የሚባል ነገር አልነበረበትም። ከላቲን ከመጣ ሌላ ቃል ጋር ዘመድ መስሏቸው በስህተት ጨመሩበት። ስህተቱ ይኸው እስከ ዛሬ በዓለም ካርታ ሁሉ ላይ ታትሞ ይኖራል።

ይህን ካወቅኩ በኋላ ቃላቱን መያዝ ቀለለኝ። አንድ ነገር ለምን እንደተጣመመ ስታውቁ አትረሱትም።

ከሁሉም የምወደው የ«ኮሎኔል»ን ታሪክ ነው። እኛ «ኮሎኔል» ስንል ከፊደሉ ጋር ተስማምተን ነው። እንግሊዝኛ ተናጋሪዎች ግን «ከርነል» ይሉታል። «አር» በሌለበት «አር» ይጠራሉ። ምክንያቱ ቃሉ በሁለት መንገድ መምጣቱ ነው። ጣሊያኖች «ኮሎኔሎ» አሉት። ፈረንሳዮች ሁለቱ «ኤል»ዎች ምላሳቸው ላይ ተደራርበውባቸው «ኮሮኔል» አደረጉት። እንግሊዞች በ16ኛው ክፍለ ዘመን ከፈረንሳዮቹ በ«አር» ወሰዱት። ቆይቶ አጻጻፉ ወደ ጣሊያኑ ተመለሰ፤ አፉ ግን በፈረንሳዩ ቀረ። ሌተናም የራሱ ጣጣ አለው። ብሪታንያዎች «ሌፍቴነንት»፣ አሜሪካኖች «ሉቴነንት» ይላሉ። እኛም «ሌተና» እና «ሌፍተናንት» እያልን ሁለቱንም እንጠቀማለን፤ ስለዚህ በዚህኛው መሳቅ አንችልም።

አሁን ወደ ደብተሩ። እያንዳንዱን ቃል ስመዘግብ አራት ነገር እጽፋለሁ፦ በእኛ ፊደል እንዴት እንደሚጠራ፣ የትኛው ክፍሉ ጠንከር እንደሚል፣ ትርጉሙን በራሴ አማርኛ፣ እና አገሩን። አንዱን ገጽ ላሳያችሁ። «ሲ-ኔክ-ደ-ኪ። ጠንካራው፦ ኔክ። ክፍሉን ጠርቶ ሙሉውን ማለት፤ በአንድ ጣራ ሥር እንኖራለን ስንል ጣራው ለቤቱ እንደሚቆመው። ግሪክ።» ይህን ቃል መጀመሪያ ሳየው «ሲነክዶች» ብዬ አንብቤው ነበር። የውሻ ዝርያ ይመስላል።

በፊደላችን መጻፍ ይጠቅማል፤ ግን ወጥመድም አለው። ሳድሱ ፊደል ራሱ አስቸጋሪ ነው፤ «ት» አናባቢ ይዞ ይሁን ሳይዝ አይታወቅም። ምላስ በጥርስ መሐል ገብቶ የሚወጣው ድምፅ ደግሞ ጭራሽ ፊደል የለንም። «ሦስት» ለማለት አንዱ «ስሪ» ይላል፣ ሌላው «ትሪ»፤ «ትሪ» ደግሞ ዛፍ ነው። እኔ «ት» ጽፌ ከላይዋ ሰረዝ አደርግባታለሁ፤ ደብተሬ ስለሆነ ማንም አይከሰኝም። ሌላው «ኧ» ነው። እንግሊዝኛ ውስጥ በብዛት የሚሰማው አናባቢ ይኸው ፈዘዝ ያለ «ኧ» መሳይ ድምፅ ነው። የማይጠነክር ክፍል ሁሉ፣ በየትኛውም ፊደል ይጻፍ፣ ወደሱ ይንሸራተታል። ፊደሉን አምኜ «ኦ» ወይም «ኤ» ብዬ ፍርጥም ሳደርገው ነው ሰው የማይገባው።

ጠንከር ስለሚለው ክፍል ግን ረዘም አድርጌ ማውራት አለብኝ። ዋናው ነገር እሱ ነው። ለረጅም ጊዜ እያንዳንዱን ድምፅ በትክክል ከጠራሁ በቂ ነው ብዬ አስብ ነበር። አይደለም። እኛ አማርኛ ስንናገር ክፍሎቹን ከሞላ ጎደል እኩል እየረገጥን ነው የምንሄደው። እንግሊዝኛ አንዱን ክፍል ይረግጣል፣ ሌሎቹን ይውጣቸዋል። የትኛውን እንደሚረግጥ ደግሞ አይጽፍም።

ይሄ ነገር የገባኝ በራሳችን ቋንቋ ሳስበው ነው። «አለ» ብዬ ብጽፍላችሁ ምን ታነባላችሁ? ላልቶ ከሆነ ተናገረ ማለት ነው፤ ጠብቆ ከሆነ ይገኛል ማለት ነው። ጽሑፉ አይነግራችሁም፤ እናንተ ግን አትሳሳቱም። አማርኛ የሚማር የውጭ ሰው እዚህ ላይ ሲደናቀፍ «እንዴት ይሄ ይጠፋዋል?» እንላለን። ለእንግሊዝኛ ተናጋሪ ጆሮ እኔ ጠንካራውን ክፍል ስስት የሚሰማው ልክ እንደዚያ ነው። «ፎተግራፍ» ሲሉ መጀመሪያው ነው የሚጠነክረው። «ፈቶግረፊ» ሲሆን «ቶ» ላይ ይሄዳል። «ፎተግራፊክ» ሲሆን «ግራ» ላይ። አንድ ቤተሰብ ናቸው፤ ጉልበቱ ግን እንደ ኳስ ከአንዱ ወደ ሌላው ይቀባበላል። ኳሱ ሲዘዋወር አናባቢዎቹም ይለወጣሉ፦ «ቶ» የነበረው «ተ»፣ «ፎ» የነበረው «ፈ»።

ደግነቱ እዚህ ውስጥ ሥርዓት አለ። በ«ኢክ»፣ በ«ሽን»፣ በ«ኢቲ» እና በ«ኢያን» የሚያልቁ ቃላት ላይ ጉልበቱ ብዙውን ጊዜ ከመጨረሻው ቅጥያ በፊት ባለው ክፍል ላይ ያርፋል። አልፎ አልፎ የሚያፈነግጥ አለ፤ ግን ይህቺ አንድ ደንብ ብቻ ከደብተሬ ሩቡን አቀለለችልኝ። ረጅም አዲስ ቃል ሲያጋጥመኝ መጨረሻውን አያለሁ፣ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ እመለሳለሁ፣ እዚያ እረግጣለሁ። «ዲ-ፌ-ነስ-ትሬይ-ሽን» ስል «ትሬይ» ላይ። ትርጉሙን ኋላ እመለስበታለሁ።

ቃሉ ከየት እንደመጣ ማወቅም ሌላው ቁልፍ ነው። እኔ አራተኛ መስመር ላይ አገሩን የምጽፈው ለዚህ ነው። ከግሪክ የመጣ ከሆነ መጨረሻ ላይ ያለችው «ኢ» ብዙ ጊዜ ትሰማለች። «ኢፒተሚ» እንዲያ ነው። «ሃይፐርበሊ»ም እንዲያ ነው፤ እኛ ግነት የምንለው፤ «ሃይፐርቦል» ብሎ ያላነበበው ሰው ካለ እጁን ያውጣ። «ካታስትረፊ»፣ ታላቅ ጥፋት፣ የነሱ ዘመድ ነው። ከግሪክ የመጣ ቃል ፊቱ ላይ «ፒ» እና «ኤስ»፣ ወይም «ፒ» እና «ኤን» ተደርበው ካሉ «ፒ»ን ዝለሏት። «ኤም» እና «ኤን» ከሆኑ «ኤም»ን። «ኒሞኒክ» የሚለው ቃል፣ ነገር ለማስታወስ የሚረዳ ዘዴ ማለት ነው፣ በ«ኤም» ይጀምራል ብላችሁ ማን ያምናል? «ሲ» እና «ኤች» አንድ ላይ ከመጡ ደግሞ ብዙውን ጊዜ «ክ» ናቸው፤ «ኬኦስ» ላይ እንደሚሰማው።

ከፈረንሳይ የመጣ ከሆነ መጨረሻ ላይ ያለውን ተነባቢ ተጠራጠሩት። «ፎ ፓ» ማለት በሰው ፊት የሚሠራ አሳፋሪ ስህተት ነው፤ ሲጻፍ ግን «ፋውክስ ፓስ» ይመስላል። እሱን በስህተት መጥራት ራሱ ፎ ፓ ነው። «ኦንዊ» ደግሞ ሥራ ከመፍታት የሚመጣ ሕይወትን የመሰልቸት ስሜት ነው፤ እኔ «ኤኑይ» እያልኩ ኖሬያለሁ። ከጣሊያን የመጣው «ሴግዌይ» ከአንድ ሐሳብ ወደ ሌላ ሳይቆራረጡ ማለፍ ነው። አጻጻፉን አይታችሁ በፍጹም አትገምቱትም፤ «ሴጉ» ነው የሚመስለው።

የባሕር ሰዎች ቃላት የራሳቸው ዓለም ናቸው። መርከበኛ ጊዜ የለውም መሰለኝ፣ ሁሉንም ቆርጦታል። የመርከቡን ዕቃና ሠራተኞች የሚቆጣጠረው ሰው ሲጻፍ «ቦትስዌን» ነው፤ ሲጠራ «ቦሰን»። የመርከቡ ፊተኛ ክፍል ሲጻፍ «ፎርካስል»፣ ሲጠራ «ፎክስል»። የእንግሊዝ የቦታና የቤተሰብ ስሞችም እንዲሁ ናቸው። «ሌይሴስተር» የሚመስለው «ሌስተር» ነው። «ቾልሞንደሌይ» ተብሎ የተጻፈው ስም «ቸምሊ» ተብሎ ይጠራል። «ፌዘርስቶንሃው» የሚመስለው ደግሞ «ፋንሾ» ሊባል ይችላል። እነዚህን ለመገመት አልሞከርኩም፤ ቃል በቃል ሸምድጃለሁ፤ ሌላ መንገድ የለውም።

እስካሁን ያወራሁት ስለ ድምፅ ነው። ትርጉም ላይ የደረሰብኝ ደግሞ የባሰ ነው።

አንድ ጊዜ ሥልጠና ወሰድኩ። ደስ የሚል ነበር። አሠልጣኙን ለማመስገን ኢሜይል ስጽፍ «ሥልጠናው በጣም ኤነርቬቲንግ ነበር» አልኩ። «ኤነርጂ»ን ስለሚመስል ኃይል የሚሰጥ፣ የሚያነቃቃ ማለት መስሎኝ። መልሱ በማግስቱ መጣ፦ «ስለ ቅንነትህ አመሰግናለሁ፤ ቀጣዩን አጠር አደርገዋለሁ።» መዝገበ ቃላት ገልጬ አየሁ። «ኤ-ነር-ቬይት»፣ ጠንካራው «ኤ»፤ ትርጉሙ ማድከም፣ ኃይል ማሳጣት። ከላቲን ነው፤ ጅማትን አወጣ እንደማለት። ለሰውዬው ይቅርታ መጠየቂያ ስጽፍ ተራ ቃላት ብቻ ተጠቀምኩ።

እንዲህ መልካቸው የሚያሳስት ቃላት ብዙ ናቸው። «ኖይሰም» ከጩኸት ጋር ምንም አያገናኘውም፤ የሚከረፋ፣ የሚያስጠላ ማለት ነው፤ ሥሩ ማናደድ ከሚለው ቃል ነው። «ሜሪትሪሸስ» ብቃት ያለው ይመስላል፤ ላዩ ብልጭልጭ፣ ውስጡ ባዶ ማለት ነው፤ መሠረቱ ደግሞ በላቲን ሴተኛ አዳሪ የሚለው ቃል ነው፤ ማንንም ለማሞገስ አትጠቀሙበት። «ፐልክሪቱድ»ን መጀመሪያ ያገኘሁት አንዲት ሴት በተገለጸችበት አንቀጽ ውስጥ ነው። ድምፁን ሳይ የቆዳ በሽታ መስሎኝ አዘንኩላት። ቁንጅና ማለት ነው። ለቁንጅና የተሰጠ ከዚህ የከፋ ስም አላውቅም። «ኖንፕለስት» ደግሞ ጭራሽ ሁለት ፊት አለው። የቆየው ትርጉሙ ግራ የተጋባ፣ የሚለው የጠፋው ነው። አሜሪካ ውስጥ ብዙ ሰው ግን ምንም ያልመሰለው፣ ያልደነገጠ ለማለት ይጠቀምበታል። ተቃራኒ ናቸው። እኔ ይህን ቃል ሳነብ ጸሐፊው የየት አገር ሰው እንደሆነ አያለሁ፤ ራሴ ግን አልጽፈውም።

ከዚህ ሁሉ ልፋት ያተረፍኩት የምወዳቸው ቃላት ናቸው። ከሁሉ በፊት «ፔትሪኮር»። ደረቅ መሬት ላይ ዝናብ ሲወርድ የሚነሳው ሽታ። ሁላችንም እናውቀዋለን፤ አማርኛ ላይ «የአፈር ሽታ» ብለን እንገልጸዋለን እንጂ ለብቻው ስም አልሰጠነውም። እንግሊዝኛም አልነበረውም። ስሙን ያወጡት እ.ኤ.አ. በ1964 ኢዛቤል ቤር እና ሪቻርድ ቶማስ የተባሉ የአውስትራሊያ ሳይንቲስቶች ናቸው። «ፔትራ» በግሪክ ድንጋይ ነው፤ «ኢኮር» በግሪክ አፈ ታሪክ በአማልክት ሥር የሚፈሰው ደም። የድንጋይ ደም! ሳይንቲስት ባይሆኑ ባለቅኔ ይወጣቸው ነበር። ጠንካራው «ፔ» ነው፤ መሐሉን «ሪ» የሚለውም «ራይ» የሚለውም አለ፤ ሁለቱም ትክክል ነው።

«ኧፕሪሲቲ» ደግሞ በብርድ ወቅት የሚገኝ የፀሐይ ሙቀት ነው። እ.ኤ.አ. በ1623 የታተመ አንድ መዝገበ ቃላት ውስጥ ይገኛል፤ ከዚያ በኋላ የተጠቀመበት ሰው እምብዛም የለም። ደንባችንን አስታውሱ፤ በ«ኢቲ» ስለሚያልቅ «ፕሪ» ላይ ረገጥ። «ቦርበሪግመስ» ሆድ ሲጮህ የሚሰማው ድምፅ ነው። ሐኪሞች ይጠቀሙበታል። ቃሉን ቀስ ብላችሁ ስትጠሩት ራሱ ይጮሃል፤ ግሪኮቹ ድምፁን ሰምተው ነው ያወጡት። «ዲፌነስትሬይሽን» ሰውን ወይም ዕቃን በመስኮት መወርወር ነው። ለዚህ ስም ያስፈለገው ያለ ምክንያት አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1618 ፕራግ ውስጥ ሁለት የንጉሠ ነገሥቱ ባለሥልጣናትና ጸሐፊያቸው ከቤተ መንግሥት መስኮት ተወረወሩ። ሦስቱም ተረፉ። ነገሩ ግን ሠላሳ ዓመት የፈጀ ጦርነት አስነሳ።

ረጅሞቹን ሰው ሁሉ ስለሚጠይቅ አንዱን ብቻ ልንገራችሁ። «ፍሎክሲኖሲኒሂሊፒሊፊኬይሽን»፣ 29 ፊደል። አንድን ነገር ዋጋ ቢስ አድርጎ መቁጠር ማለት ነው። እ.ኤ.አ. ከ1741 ጀምሮ በጽሑፍ ይታወቃል። አራት የላቲን ቃላት ተቀጣጥለው ነው የተሠራው፤ ቅንጣቢ ሱፍ፣ ፀጉር፣ ምንም፣ የመሳሰሉ። አራቱም «ረብ የለሽ» ለማለት ነው የገቡት። በአንድ ትንፋሽ ልጥራው አትበሉ፤ አምስት ቦታ ቁረጡት፦ ፍሎክሲ፣ ኖሲ፣ ኒሂሊ፣ ፒሊ፣ ፊኬይሽን። እኔ ሁለት ቀን ፈጅቶብኛል፤ ምን እንደጠቀመኝ አትጠይቁኝ።

አንድ ደግሞ ለዘመናችን የሚያስፈልግ አለ፦ «አልትረክሬፒዴሪያን»። በማያውቀው ጉዳይ አስተያየት የሚሰጥ፣ እኛ «ጥልቅ ብዬ» የምንለው ዓይነት። መነሻው የጥንት ወሬ ነው። አፔሊስ የተባለው የግሪክ ሠዓሊ ሥዕሉን ለሕዝብ አቀረበ። አንድ ጫማ ሰፊ መጥቶ የተሳለው ጫማ ስህተት እንዳለበት ነገረው፤ ሠዓሊው አረመው። ጫማ ሰፊው ልቡ አበጠና በማግስቱ እግሩንም መተቸት ጀመረ። «ከጫማው በላይ አትውጣ» አለው ይባላል። «ክሬፒዳ» ያ ጫማ ነው።

አሁን ጥንቃቄ። ብርቅ ቃል የሚሰበስብ ሰው በቀላሉ ይታለላል። እኔ መዝገበ ቃላት አይሳሳትም ብዬ የማምን ሰው ነበርኩ። ከዚያ የ«ዶርድ»ን ታሪክ ሰማሁ። እ.ኤ.አ. በ1934 በወጣው ትልቁ የዌብስተር መዝገበ ቃላት ሁለተኛ እትም ውስጥ «ዶርድ፦ እፍጋት» የሚል ገብቷል። እንዲህ ያለ ቃል በዓለም ላይ የለም። የኬሚስትሪ አርታኢው ትልቁ «ዲ» ወይም ትንሹ «ዲ» የእፍጋት ምኅጻረ ቃል ነው የሚል ካርድ ጽፎ ነበር። በእንግሊዝኛ «ወይም» የሚለው «ኦር» ነው። ሌላ ሰው «ዲ ኦር ዲ»ን ገጣጥሞ አንድ ቃል አድርጎ አነበበው። አነባበብም ሰጡት! የተነቃበት እ.ኤ.አ. በ1939 ነው፤ አንድ አርታኢ የቃሉ ምንጭ ባዶ መሆኑን ሲያይ። ስለዚህ ምንጩ ያልተጻፈለት ቃል ሳገኝ አሁን ሁለተኛ መዝገበ ቃላት እገልጣለሁ። ሆን ተብሎ የሚገባ የውሸት ቃልም አለ፤ ማን እንደሚገለብጥ ለማጥመድ። እ.ኤ.አ. በ2001 የወጣው አዲሱ የኦክስፎርድ አሜሪካን መዝገበ ቃላት «ኤስኪቫሊየንስ» የምትባል አስገብቶ ነበር። ትርጉሟ ሆን ብሎ ከሥራ ግዴታ መሸሽ። ውሸት ብትሆንም ታምራለች።

አነባበብ ለማጣራት ሁልጊዜ ድምፁን አዳምጣለሁ፤ የብሪታንያውንም የአሜሪካውንም። ቪዲዮዎች ላይ ግን አልተማመንም። አንዳንዶቹ የማሽን ድምፅ ናቸው፤ አንዳንዶቹ ደግሞ ለቀልድ ብለው አጣመው የሚጠሩ ናቸው፤ አንድ ቃል እንዲያ ተምሬ ተዋርጃለሁ። ካዳመጥኩ በኋላ ቃሉን ብቻውን አልለማመደውም። ዓረፍተ ነገር ውስጥ አስገብቼ በስልኬ እቀዳዋለሁ፣ ከዚያ ከመዝገበ ቃላቱ ድምፅ ጋር አስተያየዋለሁ። የራስን ድምፅ መስማት ያስጠላል፤ ይሠራል ግን። «ጊዜ ያለፈበት» ወይም «ከአገልግሎት የወጣ» የሚል ምልክት ካለበት ደግሞ ለማንበብ እንጂ ለመናገር አልይዘውም።

ትርጉሙን በተመለከተ፣ ትልልቆቹ መዝገበ ቃላት አንዱን ብርቅ ቃል በሌላ ብርቅ ቃል ሲተረጉሙ መፍትሔው ለተማሪ የተዘጋጁትን ማየት ነው። ሎንግማን ለምሳሌ ትርጉሞቹን ሁሉ በ2,000 ያህል የተለመዱ ቃላት ብቻ ነው የሚጽፈው። በጣም ብርቅ የሆኑት እዚያ አይገኙም። የሌለ ከሆነ ለንግግር አያስፈልገኝም ብዬ እወስዳለሁ።

ይህንን ሁሉ ካወቅኩ በኋላም አጥፍቻለሁ። አንዴ ለጓደኛዬ «በክሪፐስክዩለር ሰዓት እንገናኝ» ብዬ በእንግሊዝኛ ጻፍኩለት፤ ጀምበር ስትጠልቅ ለማለት። ቃሉን ከተማርኩ ሦስት ቀኔ ነበር፤ ማውጣት አለብኝ። የመጣልኝ መልስ አንዲት መስመር ናት፦ «ስንት ሰዓት?»

ባለፈው ሰሞን ደግሞ አንድ አዲስ የገባ ልጅ ሪፖርት ሲያነብልን «ዕቅዱ ኦሪ ሄደ» አለ። ተበላሸ፣ ካሰብነው መንገድ ወጣ ማለቱ ነው። ቃሉ «ኧራይ» ነው፤ ጠንካራው «ራይ»። ቀጥዬ የምናገረው እኔ ነበርኩ። ቃሉን መልሼ በትክክል ልጠራው አፌ ላይ ደረሰ። ተውኩት፤ «ተበላሸ» የሚለውን ተራውን ቃል ተጠቀምኩ። ሰው ሲወጣ ጠራሁትና የኤፒቶምን ነገር ነገርኩት። ሳቀ። ከዚያ የሱን ቃል ነገርኩት። ትንሽ ዝም አለ።

«ቆይ» አለ፣ «ያ ሰው ሁሉ ኧራይ ኧራይ የሚለው እሱ ነው እንዴ? እኔ እኮ ሁለት ቃል መስሎኝ ነበር።»